ከስቱዲዮ ወንበር ወደ ራስ ፕሮዳክሽን፦ የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

በዚህ ዕትም የመረጥናቸው ጥያቄዎች በአንድ ጉዳይ ላይ ያተኮሩ ናቸው። በሆሊውድ ትልልቅ ስቱዲዮዎች «ይሠራ» ወይም «ይቅር» ሲሉ የኖሩ ኃላፊዎች ወንበራቸውን ሲለቁ ብዙዎቹ ፕሮዲውሰር ይሆናሉ። ለምንና እንዴት? ዓመተ ምሕረቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው፤ ገንዘቡም የአሜሪካ ዶላር ነው።

ጥያቄ፦ የስቱዲዮ ኃላፊ ሲሰናበት በማግስቱ «ከዚያው ስቱዲዮ ጋር የፕሮዲውሰርነት ውል ፈረመ» የሚል ዜና ይወጣል። ካሰናበቱት ለምን ውል ይሰጡታል? ይሉኝታ ነው ወይስ የምር ሥራ?

መልስ፦ ሁለቱም አለበት። ከፍተኛ ኃላፊ የሚቀጠረው ለተወሰነ ዘመን ነው፤ ብዙ ጊዜ ለ3 ወይም ለ4 ዓመት። ዘመኑ ሳያልቅ ከተሰናበተ ስቱዲዮው ቀሪውን መክፈል ይኖርበታል። ገንዘቡ መውጣቱ ካልቀረ በምላሹ ፊልም ቢገኝበት ይሻላል፤ ተሰናባቹም ስሙ ሳይጎድፍ ይወጣል። ኤሚ ፓስካል በ2015 የሶኒ ፒክቸርስ የጋራ ሊቀመንበርነቷን ስትለቅ የራሷን ኩባንያ አቋቁማ እዚያው ሶኒ ውስጥ ፕሮዲውሰር ሆናለች። በ2017 ለወጣው «ስፓይደርማን፦ ሆምካሚንግ» ከፕሮዲውሰሮቹ አንዷ እሷ ናት።

እንዲህ ያለው ውል በሙያው ሰዎች ዘንድ ፈርስት ሉክ ይባላል። ስቱዲዮው ቢሮ፣ የአንድ ወይም የሁለት ረዳት ደመወዝ፣ አንዳንዴም ስክሪፕትና መጽሐፍ መግዣ የሚሆን ገንዘብ ይሰጣል። ፕሮዲውሰሩ በፋንታው ያገኘውን ሥራ ሁሉ ለማንም ሳያሳይ በፊት ለስቱዲዮው ያቀርባል። ዘመኑ አብዛኛውን ጊዜ 2 ወይም 3 ዓመት ነው። ስቱዲዮው በውሉ በተቆረጡት ቀናት ውስጥ «አልፈልግም» ካለ ሥራውን ወደ ሌላ መውሰድ ይቻላል። ኦቨርኦል የሚባለው ውል ግን ጠበቅ ያለ ነው፤ እሱ ከተፈረመ ሥራው በሙሉ የከፋዩ ነው።

ፈርስት ሉክ ውስጥ ሰው ቸል የሚላቸው ሁለት አንቀጾች አሉ። አንደኛው የተለወጠ ነገርን የሚመለከት ነው። ስቱዲዮው የገፋው ስክሪፕት ከሦስት ወር በኋላ ታዋቂ ተዋናይ ቢያገኝ፣ ዳይሬክተሩ ቢቀየር ወይም በጀቱ በእጅጉ ቢቀንስ እንደ አዲስ ተመልሶ ለስቱዲዮው መታየት አለበት። ይህን ሳያደርጉ ለሌላ ገዢ መስጠት መዘዝ አለው። የሁለተኛው ገዢ ጠበቃ ከፊርማ በፊት «የመጀመሪያው ስቱዲዮ መብቱን የተወበት ደብዳቤ የታለ?» ብሎ ይጠይቃል፤ ደብዳቤው ከሌለ ሁሉም ነገር ይቆማል። ሁለተኛው የቢሮውን ወጪ የሚመለከተው አንቀጽ ነው። ወጪው ስጦታ አይደለም። ፊልም ሲሠራ ወይ በፊልሙ በጀት ላይ ይጫናል፣ ወይ ከፕሮዲውሰሩ ክፍያ ላይ ቀድሞ እንደተከፈለ ተቆጥሮ ይቀነሳል። የቱ እንደተጻፈ ማየት የፈራሚው ፋንታ ነው።

የውሉ ትልቁ ድክመት ከወረቀቱ ውጭ ነው። ፈርሞ የሰጠው ሰው ራሱ ሲነሣ፣ ተተኪው በቀድሞው አለቃ የተፈቀደ ሥራ ተሳክቶ የሚያገኘው ምስጋና የለም። ስለዚህ ከ3 ዓመቱ ውል ውስጥ በእርግጥ የሚሠራበት ዘመን የፈቀደው ሰው በወንበሩ የሚቆይበት ብቻ ነው ብሎ ማቀድ ይበጃል።

ጥያቄ፦ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» ይባላል። አንድ ኃላፊ በሥልጣን ዘመኑ ያሳደገውን ስክሪፕት ሲወጣ ይዞ መሄድ ይችላል?

መልስ፦ አይችልም። ኃላፊው ደመወዝተኛ ነው፤ ያነበበው፣ ያሻሻለው፣ ሐሳብ የሰጠበት ሁሉ የቀጣሪው ንብረት ነው። አሥር ጊዜ ያስጻፈው ስክሪፕት ቢሆንም፣ የፊልሙ ሐሳብ ራሱ ከእሱ አፍ የወጣ ቢሆንም ለውጥ የለውም። ፋይሎችን ከቢሮ ኮምፒውተር ወደ ራስ መገልበጥ ደግሞ የንግድ ምስጢር ክስ ያስከትላል።

የተፈቀዱ መንገዶች አሉ። የመጀመሪያው ተርንአራውንድ ነው፤ ስቱዲዮው ሥራውን እንደማይሠራው ሲወስን ለፕሮዲውሰሩ ሌላ ገዢ የሚፈልግበት ጊዜ ይሰጣል፤ 12 ወይም 18 ወር የተለመደ ነው። አዲሱ ገዢ ስቱዲዮው እስከዚያ ያወጣውን በሙሉ ከነወለዱ ይከፍላል። ችግሩም እዚህ ላይ ነው። አራት ጸሐፊዎች እየተፈራረቁ ለስድስት ዓመት የጻፉት ስክሪፕት የተሸከመው ዕዳ፣ አንድ ካሜራ ሳይነሣ የአነስተኛ ፊልም በጀት ሊያክል ይችላል። ለዚህ ነው በተርንአራውንድ የሚወጡት ብዙ ጊዜ አንድ ወይም ሁለት ጸሐፊ ብቻ የነካቸው ሥራዎች የሆኑት።

ሁለተኛው መንገድ በጸሐፊው በኩል ነው። በአሜሪካ የጸሐፊዎች ማኅበር ውል መሠረት፣ ከመጽሐፍ ያልተወሰደ፣ ጸሐፊው ራሱ ያመነጨው ስክሪፕት ተሽጦ 5 ዓመት ሳይሠራ ከቀረ፣ ጸሐፊው በሚከፈትለት የ2 ዓመት ጊዜ ውስጥ መልሶ መግዛት ይችላል። በሥልጣን ዘመኑ የወደደውን ሥራ ያስታወሰ የቀድሞ ኃላፊ ጸሐፊውን ፈልጎ ቀኑን ቢቆጥር ተገቢ ነው፤ ሕጋዊም ነው።

ሦስተኛውና ብዙዎች የሚያመልጣቸው የስንብት ድርድሩ ነው። የመልቀቂያ ወረቀት ከመፈረሙ በፊት ኃላፊው «በእነዚህ ሦስት ሥራዎች ላይ ፕሮዲውሰር ሆኜ እቀጥላለሁ» ብሎ ርዕሳቸውን፣ ክፍያውንና ስሙ በፊልሙ ላይ የሚጻፍበትን ደረጃ ማስፈር ይችላል። ከፊርማው በኋላ የሚጠየቅ ነገር ግን በተተኪው ቸርነት ላይ የቆመ ነው።

የካሊፎርኒያ ሕግ በሌላ በኩል ለተሰናባቹ ይመቻል። በክፍለ ግዛቱ የንግድና ሙያ ሕግ ቁጥር 16600 መሠረት፣ ሠራተኛ ከለቀቀ በኋላ በዚያው ሙያ እንዳይሠራ የሚከለክል ስምምነት ዋጋ የለውም። ስለዚህ ከስቱዲዮ የወጣ ሰው በማግስቱ ተፎካካሪ ኩባንያ ሊከፍት ይችላል። የውሉ ዘመን ሳያልቅ ጥሎ መሄድ ግን ሌላ ጉዳይ ነው።

ጥያቄ፦ ይህን ሽግግር በሚገባ የተወጡት እነማን ናቸው? ከእነሱስ ምን ይቀሰማል?

መልስ፦ ሪቻርድ ዛኑክ የትዌንቲየዝ ሴንቸሪ ፎክስ ፕሬዚዳንት ሳለ በ1970 መጨረሻ ከሥልጣን ወረደ፤ ያወረደው የገዛ አባቱ ነው። በ1972 ከዴቪድ ብራውን ጋር ኩባንያ አቋቋመና በዩኒቨርሳል ጥላ ሥር «ጆውስ»ን አወጣ። ለ55 ቀን የታቀደው ቀረጻ 159 ቀን ፈጀ፤ ምክንያቱ በክፍት ባሕር ላይ መቅረጻቸውና ሜካኒካል ሻርኩ በጨው ውኃ መበላሸቱ ነበር። ፊልሙ በ1975 ወጥቶ ያን ሁሉ ሸፈነ። ሆኖም እንዲያ ያለ መዘግየት የተቻለው ከኋላ ስቱዲዮ ስለነበረ ነው፤ በተናጠል ገንዘብ የተሠራ ፊልም ቢሆን ኖሮ የማጠናቀቂያ ዋስትና የሰጠው፣ ማለትም ፊልሙ በጊዜውና በበጀቱ እንደሚያልቅ የተዋሰው ኩባንያ ገና ቀደም ብሎ ጣልቃ ይገባ ነበር።

ኒና ጃኮብሰን በ2006 ከዲዝኒ ተሰናብታ በማግስቱ ዓመት ከለር ፎርስ የተባለውን ኩባንያ መሠረተች። «ዘ ሀንገር ጌምስ» ገና በሁሉም አፍ ሳይገባ በ2009 የመጽሐፉን የፊልም መብት ያዘችና ወደ ላየንስጌት ወሰደችው፤ ፊልሙ በ2012 ወጣ። ይህን መንገድ አበክረን እንመክራለን፤ መጀመሪያ መብት፣ ቀጥሎ ስቱዲዮ። መብቱ በእጇ ባይሆን ኖሮ፣ መጽሐፉ ሲፈነዳ ትልልቆቹ ገዢዎች ከእሷ ጋር የሚነጋገሩበት ምክንያት አልነበራቸውም።

ቢል ሜካኒክ ደግሞ የዚሁን ነገር ሌላ ገጽ ያሳያል። በ2000 ፎክስን ከለቀቀ በኋላ የ«ሃክሶው ሪጅ»ን ታሪክ መብት ይዞ ከአንድ የፊልም ኩባንያ ጋር ተስማማ። ኩባንያው የጦርነቱ ትዕይንት ለታዳጊዎች በሚፈቀድ ደረጃ እንዲለዝብ ፈለገ፤ መብቱን መልሶ ለመግዛት ዓመታት ፈጀበት። ፊልሙ በ2016 ወጣ፤ በኦስካር ለስድስት ሽልማት ታጭቶ ሁለቱን ወሰደ። የፊልሙ ዓይነትና የዕድሜ ደረጃው መብቱ ከመተላለፉ በፊት በውሉ ላይ ተጽፎ ቢሆን ኖሮ ከእነዚያ ዓመታት ብዙው በተረፈ ነበር።

ሼሪ ላንሲንግ በ1980 የፎክስ ፕሮዳክሽን ኃላፊ ስትሆን በትልቅ ስቱዲዮ ያንን ወንበር የያዘች የመጀመሪያዋ ሴት ነበረች። ከዚያ ወጥታ ከስታንሊ ጃፊ ጋር «ፌታል አትራክሽን»ን በ1987 አወጣች፤ በ1992 ተመልሳ የፓራማውንት ሊቀመንበር ሆነች። መንገዱ በሁለቱም አቅጣጫ ክፍት መሆኑን የሚጠራጠር ካለ የእሷን የሥራ ዘመን ይመልከት።

ጥያቄ፦ በአንድ ስቱዲዮ የስክሪፕት ልማት ክፍል ለ8 ዓመት የሠራሁ መካከለኛ ኃላፊ ነኝ። የፈርስት ሉክ ውል የሚሰጠኝ ደረጃ ላይ አይደለሁም። ወጥቼ የራሴን ብጀምር የመጀመሪያዎቹን ሁለት ዓመታት እንዴት ላሳልፍ?

መልስ፦ በገንዘቡ እንጀምር፤ ብዙዎች የሚወድቁት በጣዕም ማነስ ሳይሆን በቤት ኪራይ ነውና። በ10 ሚሊዮን ዶላር ፊልም ላይ የፕሮዲውሰሮች ጠቅላላ ክፍያ ከበጀቱ 5 በመቶ፣ ማለትም 500,000 ቢሆንና ለሁለት ብትካፈሉት፣ የእርስዎ ድርሻ 250,000 ነው። የተለመደው አከፋፈል 20፣ 60፣ 10፣ 10 በመቶ ነው፤ 50,000 በቅድመ ዝግጅት፣ 150,000 በቀረጻ ሳምንታት፣ 25,000 የዳይሬክተሩ ቅጂ ሲያልቅ፣ የመጨረሻው 25,000 ፊልሙ ተጠናቆ ሲረከብ። ሥራው ከመጀመሪያው ንባብ እስከ ርክክብ 4 ዓመት ከፈጀ በዓመት 62,500 ይደርስዎታል፤ ከዚያም ላይ የጠበቃና የቢሮ ወጪ አለ። በጀት ሲጠብብ ደግሞ መጀመሪያ «ለኋላ ይቆይ» የሚባለው የፕሮዲውሰር ክፍያ ነው። ስለዚህ ቢያንስ የ24 ወር የቤት ወጪ ሳይዙ አይውጡ። የጤና መድኅንዎን በኮብራ ሕግ እስከ 18 ወር ማቆየት ይችላሉ፤ ነገር ግን ቀጣሪዎ ይከፍል የነበረውንም ጨምረው ሙሉውን የሚከፍሉት እርስዎ ነዎት።

ቢሮ አይከራዩ። መጀመሪያ የሚያስፈልግዎ የመዝናኛ ሕግ ጠበቃ ነው። ሁለተኛው ኩባንያ ነው፤ የልማት ሥራውን የሚይዝ አንድ ኃላፊነቱ የተወሰነ ድርጅት፣ ኋላም ለእያንዳንዱ ፊልም ለብቻው የሚቋቋም ሌላ። የጸሐፊዎች ማኅበር አባል የሆነ ጸሐፊ መቅጠር ካሰቡ ኩባንያዎ ከማኅበሩ ጋር የፈረመ መሆን አለበት፤ አባላቱ ላልፈረመ ኩባንያ እንዳይሠሩ የማኅበሩ ደንብ ይከለክላል። ይህን ዘንግቶ ከጸሐፊ ጋር በእጅ መጨባበጥ ብቻ ሥራ መጀመር የባለቤትነት ሰንሰለቱን፣ ማለትም መብቱ ከማን ወደ ማን እንደተላለፈ የሚያሳዩትን ሰነዶች፣ ከሥሩ ያበላሻል።

አሁን ወደ ዋናው። ስቱዲዮ ውስጥ ሳሉ የእርስዎ ኃይል ከጀርባዎ ያለው ገንዘብ ነበር። ከወጡ በኋላ ያለዎት ኃይል በስምዎ የተያዘ መብት ነው፤ ሌላው ሁሉ ትውውቅ ነው። መብት የሚያዘው በኦፕሽን ነው። የመጽሐፉ ሙሉ መግዣ 150,000 ነው እንበል። ከዚያ 10 በመቶውን፣ 15,000 ከፍለው ለ18 ወር ብቸኛ መብት ይይዛሉ። የማራዘሚያ ጊዜና ክፍያ በመጀመሪያው ውል ላይ መጻፍ አለበት፤ አለበለዚያ በ17ኛው ወር ተዋናይ ሲያገኙ ደራሲው ዋጋውን እንደፈለገ ይተምናል። በተለመደው አሠራር የመጀመሪያው ክፍያ ከመግዣው ላይ ይታሰባል፣ የማራዘሚያው አይታሰብም። የመግዣው ዋጋ ከበጀቱ በመቶኛ የሚሰላ ከሆነ ወለልና ጣሪያ ያስገቡለት።

ገንዘብ ከሌለዎ ሾፒንግ አግሪመንት የሚባል አጭር ስምምነት አለ፤ ያለ ክፍያ ወይም በጥቂት ክፍያ ለ6 ወይም ለ12 ወር ሥራውን ለገዢዎች የማሳየት ብቸኛ ፈቃድ። መብቱ ከባለቤቱ አይወጣም፤ ገዢ ሲገኝ ባለቤቱም እርስዎም ለየብቻ ትደራደራላችሁ። ርካሽ ነው፣ ግን ደካማ ነው። ደራሲው በዋጋ ካልተስማማ የእርስዎ ልፋት ያለ ፍሬ ይቀራል።

ስንት ሥራ ይያዙ? ከአምስት ወይም ከስድስት አይብለጡ። ከስቱዲዮ የወጣ ሰው ሃያ ሥራ የያዘ ዝርዝር ካላየ የሠራ አይመስለውም፤ የስቱዲዮ ዝርዝር ግን የሚንቀሳቀሰው በሌሎች ፕሮዲውሰሮች ጉልበት ነበር፤ አሁን ያ ጉልበት የእርስዎ ብቻ ነው። ከስድስቱ ሁለቱ ያለ ስቱዲዮ ሊሠሩ የሚችሉ ይሁኑ፤ ጥቂት ቦታ፣ ጥቂት ተዋናይ፣ ከ2 ሚሊዮን ያልበለጠ በጀት። የተዋናዮቹ ማኅበር ሳግ-አፍትራ ለአነስተኛ በጀት ያወጣቸው ውሎች እስከ 300,000፣ እስከ 700,000ና እስከ 2 ሚሊዮን በሚል ደረጃ የተከፈሉ ናቸው፤ ስክሪፕቱን ከነዚህ ጣሪያዎች በአንዱ ሥር ማስቀመጥ የደመወዙን ወጪ በግልጽ ይቀንሰዋል።

በመጨረሻም፣ ከወጡ በኋላ ባሉት ጥቂት ወራት ሁሉም ስልክዎን ያነሣል። ያንን ጊዜ «እንገናኝ፣ ምሳ እንብላ» በማለት አይጨርሱት። አንድ የተወሰነ ስክሪፕት ይዘው፣ አንድ የተወሰነ ነገር ይጠይቁ።

ጥያቄ፦ ስቱዲዮ የሌለበት የ10 ሚሊዮን ዶላር ፊልም ገንዘቡ ከየት ከየት ይመጣል? በቁጥር አስረዱን።

መልስ፦ በምሳሌ እንሂድ። ፊልሙ በጆርጂያ ክፍለ ግዛት ይቀረጻል። ጆርጂያ ብቁ ከሆነ ወጪ ላይ 20 በመቶ፣ የክፍለ ግዛቱን ዓርማ በፊልሙ ላይ ካስገቡ ተጨማሪ 10 በመቶ የታክስ ክሬዲት፣ ማለትም ከታክስ ላይ የሚታሰብ ቅናሽ፣ ትሰጣለች፤ ዝቅተኛው ወጪ 500,000 ነው። ከ10 ሚሊዮኑ 6 ሚሊዮን ብቁ ቢሆን ክሬዲቱ 1.8 ሚሊዮን ይሆናል። ችግሩ ክሬዲቱ የሚገኘው ወጪው ወጥቶ፣ ሒሳቡ ተመርምሮ ነው። ገንዘቡ የሚያስፈልገው ግን ከቀረጻው በፊት ስለሆነ አበዳሪ ይፈለጋል። አበዳሪው ከ1.8 ሚሊዮኑ 85 በመቶ ቢሰጥ 1.53 ሚሊዮን በእጅ ይገባል።

ቀጥሎ ቅድመ ሽያጭ። የሽያጭ ወኪሉ በካን፣ በበርሊንና በአሜሪካን ፊልም ማርኬት ገበያዎች ፊልሙን ገና ሳይቀረጽ ለየአገሩ አከፋፋዮች ይሸጣል። የ3 ሚሊዮን ዋስትና ያለው ሽያጭ ቢያመጣ፣ 15 በመቶ ኮሚሽን 450,000 ሲወጣለት 2.55 ሚሊዮን ይቀራል፤ ባንኩ ለወለድና ለክፍያዎቹ 150,000 ቢይዝ 2.4 ሚሊዮን ያበድራል። ገና ባልተሸጡት አገሮች ግምት ላይ ደግሞ ጋፕ የሚባል ብድር 1 ሚሊዮን ይገኛል እንበል። አበዳሪው የቀሪዎቹ አገሮች ግምት የብድሩን ቢያንስ እጥፍ ካልሆነ እሺ አይልም።

ድምሩ 4.93 ሚሊዮን ነው። ቀሪው 5.07 ሚሊዮን ከባለሀብት ይመጣል፤ ፊልሙ ካልተሸጠ ገንዘቡን የሚያጣው እሱ ነው። ስለዚህ ያወጣውን ከነ20 በመቶ ጭማሪው እስኪያገኝ፣ ማለትም እስከ 6.084 ሚሊዮን ድረስ፣ የፕሮዲውሰሩ የትርፍ ድርሻ አይጀምርም። ከዚያ በኋላ የሚመጣው በተለመደው አሠራር እኩል ለሁለት ይከፈላል፤ ግማሹ ለባለሀብቶች፣ ግማሹ ለፕሮዲውሰሩ። ዳይሬክተሩና ተዋናዮቹ ድርሻ ካላቸው የሚወጣው አብዛኛውን ጊዜ ከፕሮዲውሰሩ ግማሽ ነው።

አሁን ፊልሙ አልቆ የአሜሪካ መብት በ4 ሚሊዮን ተሸጠ እንበል፤ በጣም ደስ የሚል ዜና ነው። 10 በመቶ ለሻጩ ወኪል ሲከፈል 3.6 ሚሊዮን ይቀራል። ጋፑ ከነወለዱ 1.15 ሚሊዮን ይወስዳል። 2.45 ሚሊዮን ለባለሀብቱ ይደርሳል፤ ገና 3.634 ሚሊዮን ይጎድለዋል። ፊልሙ በኋላ በሌሎች መንገዶች ሲታይ ለተዋናዮች በማኅበራቸው ውል መሠረት ለሚከፈለው የሚያዘውን ገንዘብ እንኳ አላሰብንም። ይህን ስሌት ከመጀመሪያው ቀን ለባለሀብቱ ማሳየት ግዴታ ነው፤ ስሌቱን አይቶ የቆየ ባለሀብት ለሁለተኛው ፊልም ይመለሳል። ገቢውን በቅደም ተከተል የሚያከፋፍለው ፕሮዲውሰሩ ሳይሆን እንደ ፍሪዌይና ፊንቴጅ ያለ ገለልተኛ ገንዘብ ሰብሳቢ ቢሆን ለሁሉም ሰላም ነው።

ባንክ ሲገባ የማጠናቀቂያ ዋስትናም ይመጣል። ዋስትና ሰጪው ፊልሙ በጊዜውና በበጀቱ ተጠናቆ እንደሚረከብ ለባንኩ ይዋሳል። ከበጀቱ 2 ወይም 3 በመቶ ያስከፍላል፤ ለመጠባበቂያ 10 በመቶ እንዲቀመጥም ይጠይቃል። ነገሩ ከከፋ ፊልሙን ከፕሮዲውሰሩ እጅ ወስዶ የመጨረስ መብት አለው።

ከሁሉ የሚብሰው የጊዜ ጉዳይ ነው። ተዋናዩ ቀኑን ይቆርጣል፤ ወኪሉ ፊልሙ ቢሠራም ባይሠራም የሚከፈል ደመወዝ በአደራ ሒሳብ እንዲቀመጥ ይጠይቃል። የባንኩ፣ የባለሀብቱ፣ የዋስትና ሰጪውና የማኅበራቱ ጠበቆች ግን ወረቀታቸውን ለመጨረስ ሳምንታት ይፈጅባቸዋል። በዚያ መሀል ቦታ ይከራያል፣ ሠራተኛ ይቀጠራል፤ ገንዘቡም ገና አልተለቀቀም። ብዙ ፊልም የሚሞተው እዚህ ነው። መድኃኒቱ የባለሀብቱ ገንዘብ ቀድሞ እንዲገባ በውሉ ላይ ማስቀመጥና፣ ባለሀብቱ በጽሑፍ ሳይስማማ ያንን የተዋናይ ግዴታ አለመፈረም ነው።

ጥያቄ፦ በፊልም መጨረሻ ከአንዳንድ ስሞች ቀጥሎ የሚታየው «ፒ.ጂ.ኤ.» ምንድን ነው?

መልስ፦ የአሜሪካ የፕሮዲውሰሮች ማኅበር ምልክት ነው። ማኅበሩ በፊልሙ ላይ ማን በእርግጥ እንደሠራ መርምሮ ይሰጣል፤ አባል መሆን አያስፈልግም፣ አባል መሆንም ብቻውን አያስገኝም። ገንዘብ በማምጣቱ ወይም መብቱን ቀድሞ በመያዙ ብቻ ስሙ የተጻፈ ሰው አያገኘውም። ከስቱዲዮ ለወጣ ሰው ይህ ቁም ነገር ነው፤ በልማት፣ በቅድመ ዝግጅት፣ በቀረጻና በድኅረ ቀረጻ ምን እንደሠራ የሚያሳዩ ኢሜይሎቹንና የጥሪ ወረቀቶቹን በሥርዓት ያስቀምጥ።

ጥያቄ፦ ፊልሙ አልቋል፣ ተመልካችም አይቶታል፤ አከፋፋዩ ግን «አልተረከብኩም» ብሎ አልከፈለም። እንዴት ይሆናል?

መልስ፦ ርክክብ ማለት ፊልሙን ማስረከብ ብቻ ስላልሆነ። በቅድመ ሽያጭ ውል አከፋፋዩ ሲፈርም ከ10 እስከ 20 በመቶ ይከፍላል፤ የቀረው ሁሉ የሚከፈለው በውሉ ጀርባ ያለው ዝርዝር ተሟልቶ ሲገኝ ነው። ለሲኒማ የሚሆነው ዲሲፒ ፋይል፣ የጥራት ምርመራ ሪፖርት፣ ንግግር የወጣለት የሙዚቃና የድምፅ ውጤቶች ትራክ፣ የንግግሩ ዝርዝር፣ የሙዚቃ ዝርዝር፣ ፎቶግራፎች፣ የባለቤትነት ሰንሰለቱ ሰነዶች፣ የኮፒራይት ምዝገባና ስሕተትን የሚሸፍን (ፊልሙ የሌላ ሰው መብት ነክቷል የሚል ክስ ሲመጣ የሚከፍል) ኢንሹራንስ፤ የተለመደው መጠን ለአንድ ክስ 1 ሚሊዮን፣ በጠቅላላ 3 ሚሊዮን ነው።

ደጋግመው የሚጎድሉት ሦስት ናቸው። ንግግር የሌለበት ትራክ አንዱ ነው፤ የእግር ኮቴውና የበሩ ድምፅ ከተዋናዩ ድምፅ ጋር አብሮ ከወጣ የውጭ አገር አከፋፋይ ሊያስተረጉመው አይችልም። ሁለተኛው ለፌስቲቫል ብቻ የተፈቀደ ሙዚቃ ነው፤ ርካሽ ስለሆነ ይገዛል፣ ኋላ ለመላው ዓለም ሲጠየቅ ዋጋው ብዙ እጥፍ ይሆናል። ሦስተኛው የፎቶግራፍ ነው፤ ተዋናዩ የማጽደቅ መብት ካለው በቀረጻ ወቅት ካልጸደቀ ኋላ ማግኘት ከባድ ነው። ከስቱዲዮ የሚመጣ ፕሮዲውሰር በዚህ የሚሰናከለው ድሮ ይህን የሚሠራለት ሙሉ ክፍል ስለነበረ ነው። የድኅረ ቀረጻ ተቆጣጣሪውን ከቀረጻ በፊት ይቅጠር፤ ዝርዝሩንም ከበጀቱ ጋር አንድ ላይ ያዘጋጅ።

ጥያቄ፦ የስቱዲዮ ኃላፊ የነበረ ሰው ከዳይሬክተር ጋር ሲሠራ የሚጎዳው የትኛው ልማድ ነው?

መልስ፦ አስተያየት የመስጠት ልማድ። ኃላፊ ሳለ የሚከፈለው አስተያየት ለመስጠት ነበር፤ ገጽ በገጽ፣ በጽሑፍ፣ በፍጥነት። ፕሮዲውሰር ግን ከየአቅጣጫው የሚመጣውን አስተያየት የሚቀበል፣ የሚያጣራና ለዳይሬክተሩ የሚጠቅመውን ብቻ የሚያሳልፍ ሰው ነው። ባለሀብቱ፣ የሽያጭ ወኪሉና አከፋፋዩ ሦስት የማይስማሙ ወረቀት ሲልኩ ሦስቱንም ሳይመረምሩ ማስተላለፍ ዳይሬክተሩን ያደናግራል።

የዳይሬክተሮች ማኅበር ደንብም ድንበር አለው። በሙሉ በጀት ለሲኒማ በሚሠራ ፊልም ዳይሬክተሩ የራሱን ቅጂ የሚያዘጋጅበት 10 ሳምንት፣ ወይም ለየሁለት የቀረጻ ቀን አንድ ቀን፣ ከሁለቱ የረዘመው አለው። በዚያ ጊዜ ውስጥ ወደ ኤዲቲንግ ክፍሉ ገብቶ ማዘዝ ደንብ መጣስ ነው። ጊዜው ሲያልቅ የሚሰጠው አስተያየት አንድ ወረቀት ይሁን፤ በመጀመሪያው መሥመር ላይ ችግሩ ይጻፍ፣ መፍትሔው ለዳይሬክተሩና ለኤዲተሩ ይተው። «17ኛው ደቂቃ ላይ ያለውን ትዕይንት አውጡ» ከማለት «የሴትየዋ ውሳኔ ከየት እንደመጣ እስከ ግማሹ አይገባንም» ማለት ይሻላል፤ ችግሩ ብዙ ጊዜ ከ17ኛው ደቂቃ በፊት ያለ ነውና።